አርባ አንድ ጊዜ የሞተው ሰው

ባላምባራስ እሸቴ ለቅሶ ቤት ገብተው «እግዜር ያጥናህ» ማለቱን ትተው በከዘራቸው አልጋ ሥር ይጎረጉሩ ጀመር።

«የት ደበቅኸው?» አሉ ጎንበስ እንዳሉ።

«ማንን ጌታዬ?» አለ አባይነህ።

«ማንን ይለኛል ደግሞ! ሙሴ ብሩኖን ነዋ! ያንን ዓይናማ ሣጥኑንስ የት ጠምዶታል? ከወዴት ሆኖ ነው የሚያነሣን?»

አባይነህ ኩታውን ዘቅዝቆ ለብሶ መሬት ላይ በተነጠፈው ጭድ ተቀምጧል። ከትናንት ጀምሮ ሲያለቅስ ዓይኑ በርበሬ መስሏል። «ባላምባራስ፣ ሞቷል እኮ ነው የምልዎት። ትናንት ጉለሌ፣ ከፈረንጆቹ መቃብር፣ በዚህ በእጄ አፈር አልብሼው መጣሁ። በጊዮርጊስ!»

«ጊዮርጊስን ተወው። ባንተ የተነሣ ስንት ጊዜ በሐሰት ይጠራ?»

ባላምባራስ ወደ ሟቹ ቁም ሣጥን ዞሩ። ሲከፍቱት የቆርቆሮ ዘውድ፣ የመነኩሴ ቀሚስ፣ የእንጨት እግርና ከፈረስ ጭራ የተሠራ ረጅም ነጭ ጢም ተገኘ። ጢሙን በከዘራቸው ጫፍ አንሥተው ወደ ብርሃን አወጡት።

«ይኸውና! ሰውየው ጢሙን ጥሎ የት ይሄዳል?»

ባላምባራስ በሙግት የሸበቱ ሰው ናቸው፤ ማስረጃ ከተገኘ በኋላ ነገር አያበዙም። ደጃፉ ላይ ከተቀመጠው ገበታ አንድ እፍኝ ንፍሮ ዘገኑና ቃም አደረጉ። «ንፍሮውስ መልካም ነው፤» አሉ እያኘኩ። «ለሐሰት ለቅሶ መባከኑ ነው የሚያሳዝነው።» ይህን ብለው ወጡ።

ከድስቱ አጠገብ የቆመችው አስካለ፣ የአባይነህ ሚስት፣ ባሏን ከላይ እስከ ታች አየችው። «ሰማንያ ሰው ይመጣል ብለህ የሰማንያ ሰው ንፍሮ አስቀቀልከኝ። ከትናንት ወዲህ የመጣው አንድ ሰው፤ እሱም ሊበረብር!»

«ይመጣሉ። ነገ ሣልስቱ ነው።»

«እኔማ ምን ቸገረኝ፤ ወር ሙሉ ንፍሮ እንበላለና።» አለችና ፊቷን አዞረች። ያዞረችው እንባዋን በነጠላዋ ጫፍ ለመጥረግ ነው፤ ሟቹን እሷም ትወደው ነበር።

ነገሩን ከሥሩ ለማያውቅ ሰው ባላምባራስ ያበዱ ይመስለዋል። አላበዱም። በዚያ ሳምንት ሙሴ ብሩኖ ሞተ ሲባል ከአራዳ ሰው አንድም ያመነ አልነበረም፤ ላለማመናቸውም በቂ ምክንያት ነበራቸው።

ሙሴ ብሩኖ አዲስ አበባ የገባው ከዘጠኝ ዓመት በፊት፣ በዐሥራ ስድስት ዓመተ ምሕረት ነው። ከባቡር ሲወርድ ይዞት የነበረው አንድ ሻንጣ ልብስ፣ አንድ የፊልም ማንሻ ካሜራና ዐሥራ ሰባት የቆርቆሮ ሣጥን ሙሉ ፊልም ነበር። በአገሩ፣ በበርሊን፣ ሰውየው ያልሆነው ነገር የለም። መጀመሪያ ተዋናይ ነበር። ቀጥሎ የራሱን ኩባንያ አቋቁሞ ፊልም አሠሪ ሆነ፤ ገንዘብ የሚሰጥ ሰው ይፈልጋል፣ ከሳንቃ ቤተ መንግሥት ያሠራል፣ ተዋንያን ይመርጣል፤ ተዋናይ ሲጠፋ ደግሞ ራሱ ይገባበታል። ንጉሥ ሆኗል፣ ሌባ ሆኗል፣ መነኩሴ ሆኗል፣ ዳኛ ሆኗል። በአንዱ ፊልም ላይማ ሙሽራይቱን የሚያጋባው ቄስም፣ አልቅሳ የምትሸኛት እናቷም እሱው ነበር። ኋላ ከጦርነቱ በኋላ የአገሩ ገንዘብ ከገለባ ሲቀል ኩባንያው ወደቀ። እሱም ፊልሞቹን አሸክሞ፣ ማንም ወደማያውቀኝ አገር ልሂድ ብሎ ተነሣና አራዳ ደረሰ።

ከጊዮርጊስ ቁልቁል፣ ከገበያው ዳር፣ የቆዳ መጋዘን የነበረ ቤት ተከራየ፤ አልጋውንም ከጓዳው ዘረጋ። ከግድግዳው ላይ ነጭ አቡጄዲ ወጠረ፤ በካርባይድ መብራት የሚያበራ፣ በእጅ የሚዘወር የፊልም ማሳያ መኪና ተከለ። ካህናቱ ቤቱን «የሰይጣን ቤት» ብለው አወገዙት። ምእመናኑም ሰይጣኑ ምን እንደሚመስል ለማየት በሩን አጣበቡት።

ፊልሙ ድምፅ አልነበረውም። ስለዚህ ከአቡጄዲው አጠገብ ቆሞ፣ ማን ምን እንዳለ ለሕዝቡ የሚናገር ሰው ተፈለገ። ይህ ሰው አባይነህ ነው። አባይነህ ከዚያ በፊት በዳኞች ደጅ ለባለጉዳይ ማመልከቻ ሲጽፍ የኖረ፣ ምላሱ የታወቀ ሰው ነው፤ ጀርመንኛ ግን አንዲት ቃል አያውቅም። ብሩኖ ታሪኩን በእጁና በዓይኑ ያስረዳዋል፣ እሱም «ገባኝ» ይላል፤ ከዚያ የሚያውቀውን ይናገራል። የሚያውቀው ሙግት ነው። በአባይነህ አተረጓጎም የጀርመን ሕዝብ ከጧት እስከ ማታ በርስት ሲሟገት ይውላል። አንድ ጎበዝ ከመስኮት ሥር ተንበርክኮ ለአንዲት ቆንጆ ቫዮሊን ሲመታላት፣ አባይነህ «የአባቴን መሬት መልሺልኝ ነው የሚላት» ይላል፤ ሕዝቡም «ትመልስለት!» እያለ ይጮኻል።

ችግሩ የመጣው ከፊቱ ነው። በሁሉም ፊልም ውስጥ ያው የብሩኖ ፊት አለ። የአራዳ ሰው ጮሌ ነው ይባላል፤ ነውም፤ ነገር ግን በዓይኑ ያየውን እንዴት አድርጎ ይካድ? ብሩኖ ሌባ የሆነበት ፊልም በታየ ማግስት፣ ጨርቅ ነጋዴው ዘይኑዲን ጣቃውን ሁሉ ሰብስቦ ላዩ ላይ ተቀመጠበት፤ ብሩኖ የመጣው ግን ክር ሊገዛ ነበር። መነኩሴ በሆነበት ሳምንት ሴቶች «ይባርኩን» ብለው መንገድ ላይ ያዙት። ባረካቸው፤ የመጣለትን ሚና እንቢ ብሎ አያውቅም። ዳኛ የሆነ ጊዜማ ባላምባራስ እሸቴ የሃያ ሁለት ዓመት የመሬት ክርክራቸውን ተሸክመው መጡ። ብሩኖ አገጩን በእጁ ደግፎ ከጧት እስከ ቀትር አዳመጣቸው። አንድም ነገር አልገባውም። በመጨረሻ በረጅሙ ተነፈሰና ራሱን በሐዘን ነቀነቀ። ባላምባራስ በዚያው ሳምንት ከባላጋራቸው ታረቁ።

ብሩኖ አማርኛ የለመደው፣ አባይነህ ከአስካለ ጋር ሲነጋገር እያደመጠ ነው። ስለዚህ ወንዱንም ሴቱንም፣ ሹሙንም ባላገሩንም «አንቺ» ይል ነበር። መኪናውን ለአባይነህ ያስተማረው ቀን የሰጠው ትእዛዝ አንድ ብቻ ነው። «እጅሽን አታቁሚ፤» አለው። «እጅሽ ከቆመ መብራቱ ፊልሙን ይበላዋል።» አንዳንዴም ልቡ ደስ ሲለው፣ ለሳቅ ብሎ መኪናውን ወደ ኋላ ይዘውረዋል። ያን ጊዜ የተሰበረው ሸክላ ይገጥማል፣ የወደቀው ሰው ብድግ ይላል፣ ቤቱም በሳቅ ይሞላል።

ቀትር ላይ ዘይኑዲን መጣ። ጫማውን ደጅ አውልቆ ገባና ጭዱ ላይ ተቀመጠ። «አላህ ሶብሩን ይስጥህ፤» አለ።

አባይነህ ከደስታው ብዛት ሊስመው ተነሣ። «ተመስገን! አንተስ እንኳ አመንከኝ!»

«ማመኑን ተወው። ምናልባት እውነት ከሆነ ብዬ ነው የመጣሁት።» ዘይኑዲን ቤቱን በዓይኑ ዞረው። «ካሜራው ግን የት ነው ያለው?»

«ምስጥ ከበላው እኮ ሁለት ዓመቱ!»

«በላው ያልከኝም አንተው ነህ። ሬሳውን ያየ ሰው አለ?»

«እኔ።»

«ካንተ ሌላ?»

ብሩኖ የሞተው ሆስፒታል ተኝቶ፣ በሳንባ በሽታ ነው። ከጀርመን መንግሥት ሌጋሲዮን የመጡት ሰዎች በሣጥን አድርገው፣ ክዳኑን በምስማር መትተው ጉለሌ ወሰዱት። ባላምባራስ እሸቴ መንገድ ላይ አስቁመው «ይከፈትና ፊቱን እንየው» ቢሉ ፈረንጆቹ በቁጣ ገላመጧቸው። ይህም ነገሩን አባሰው። ሬሳ ያላየ ሰው ምን ብሎ ያልቅስ?

«አባይነህ፣ እኔ አንተን እወድሃለሁ፤» አለ ዘይኑዲን ሊሄድ ሲነሣ። «ግን ያኔም ሞተ ያልከን አንተ ነህ።»

ያኔ ማለት የዛሬ አራት ዓመት ነው። ብሩኖ አዲስ ፊልም ሊያመጣ ጅቡቲ ወረደ። ሲሄድ ቁልፉን ለአባይነህ ሰጥቶ አንዷን ቀይ ሣጥን በጣቱ አሳየው። «ይችን አትክፈቺ። ለአራዳ አትሆንም። ያምኗታል።» ባቡሩ በሄደ በሳምንቱ አባይነህ ቀዩን ሣጥን ከፈተ። መክፈት ብቻ አይደለም፤ ሕዝቡን ጠርቶ፣ መኪናውን ራሱ እየዘወረ፣ ከኋላ ሆኖ እየጮኸ ይተረጉም ጀመር።

ፊልሙ የሁለት ወንድማማቾች ታሪክ ነው። አባይነህ እንደ ልማዱ በርስት አሟገታቸው። መጨረሻው ላይ ብሩኖ ባርኔጣውን ደፍቶ ብቻውን በድልድይ ላይ ይመጣል። ወንድሙ ከኋላው ይደርስና በጩቤ ይወጋዋል። ብሩኖ ዞር ይላል፣ ወንድሙን ያየዋል፣ ሊናገር አፉን ይከፍታል፣ ይወድቃል። አባይነህም ይህን ሲያይ የመጀመሪያው ነበር። ርስቱም ሙግቱም ጠፋበትና «ወይኔ ጌታዬን! ብሩኖን ገደሉት!» ብሎ ጮኸ።

ሐሰት አልተናገረም። በዚያች ቅጽበት ከልቡ ነው ያመነው። ኋላ ሲጠይቁት «እኔ ራሴ እስከ ማግስቱ ድረስ እርግጠኛ አልነበርኩም» ይል ነበር። ሰማንያ ሰው እሪ ብሎ ወደ ጊዮርጊስ ከሮጠ በኋላስ ማን ይመልሰዋል? ድንኳን ተተከለ፣ ንፍሮ ተቀቀለ። በዚያ ሰፈር አንድም ትልቅ ሰው ያለሳቸው የማይቀበረው ሙሾ አውራጅ፣ እመት ሰርክአዲስ፣ ፊታቸውን እየነጩ እንዲህ ብለው ገጠሙለት፤

«አገርህ ሩቅ ነው ባቡር የሚያደርሰው፣
ድልድይ ላይ ስትወድቅ ማነው የሚያለቅሰው።»

በሣልስቱ ቀን ብሩኖ ከባቡር ወርዶ፣ ሻንጣውን አንጠልጥሎ ከች አለ። ግቢው ውስጥ ለቅሶ አየ። ደንቡን ያውቃልና ባርኔጣውን አውልቆ ከዳር ተቀመጠ። ሙሾው አንጀቱን በላው፤ አለቀሰ። ቆይቶ ነው አጠገቡ ያለውን ሰው «ማን ናት የሞተችው?» ያለው። ሰውየው ቀና ሳይል «ሙሴ ብሩኖ፣ ነፍሱን ይማረው» አለ። ብሩኖ ይህን ሲሰማ የባሰውን አለቀሰ። እመት ሰርክአዲስም ማን ነው እንዲህ አሳምሮ የሚያለቅሰው ብለው ዞር አሉ።

ከዚያ የሆነውን እግዜር ይወቀው። ባላምባራስ በስድሳ ዓመታቸው አጥር ዘለሉ። ሰው ተረጋግቶ ሲመለስ፣ ይስቅ ይቆጣ እንደሆነ ገና ሳይለይ፣ ብሩኖ እንባውን ሳይጠርግ እየሮጠ ገብቶ ካሜራውን ተሸክሞ ወጣ። «እባካችሁ እንደገና አልቅሱ! ወደ ፀሐዩ ዞር ብላችሁ!» አራዳ ይቅር ያላለው ይህን ነው። ሳይሞት መገኘቱን ይቅር ይል ነበር፤ እንባን ግን ድገሙልኝ ይባላል? በዚያው ቀን ባላምባራስ ሰውን ሁሉ ከጊዮርጊስ ደጅ አቁመው አስማሉት። «ለዚህ ሰው ሁለተኛ እንባውን ያፈሰሰ ከማኅበራችን ይውጣ!» ሁሉም ማለ።

ዘይኑዲን ከሄደ በኋላ አባይነህ ከብሩኖ ባዶ አልጋ ፊት ለፊት ቁጭ ብሎ ቀረ። ሆስፒታል ሳለ ያለው ነገር ከጆሮው አልወጣ ብሎታል።

«በርሊን አርባ አንድ ጊዜ ሞትኩ፤» ነበር ያለው ብሩኖ፣ በየመሐሉ እያሳለ። «በሰይፍ ሞትኩ። በመርዝ ሞትኩ። ከጣራ ወደቅኩ። አርባ አንድ ጊዜ አጨበጨቡልኝ። ያለቀሰችልኝ አራዳ ብቻ ናት። አባይነህ፣ አሁን የእውነት ነው። ሣልስቴ ላይ አምጪያቸው።»

«አመጣቸዋለሁ።»

«ማይልኝ።»

አባይነህ በጊዮርጊስ ማለ። በዕድሜው ስንት ጊዜ በከንቱ እንደማለ ትዝ ያለው ያን ጊዜ ነው፤ አፈረም፣ ፈራም። ይህን መሐላ ካጎደለ ዓይኑን ከምድር ማንሣት እንደማይችል ያውቀዋል።

ተነሣና በርበሬ ተራ ወረደ። የአራዳን ሰው የሚያመጣ አንድ ሰው ቢኖር እመት ሰርክአዲስ ናቸው፤ እሳቸው ያለቀሱለት ሰው ሁሉም ያለቅስለታል። በርበሬያቸውን ዘርግተው፣ ለሠላሳ ዓመት ከተቀመጡባት ቦታ ተቀምጠዋል።

«እንደምን ዋሉ እመት ሰርክአዲስ?»

«ከሄድክልኝ ደኅና እውላለሁ።»

«እመት፣ የመጣሁት...»

«ለምን እንደመጣህ አውቃለሁ። አላለቅስም!» ጉንጫቸው ላይ ያለውን ጠባሳ በጣታቸው አሳዩት። «ይችን አየሃት? ቆሞ ለሚሄድ ሰው የነጨሁት ነው። ከዚያ ወዲያ ዓመት ሙሉ ለቅሶ ቤት በሄድኩ ቁጥር ምን ይሉኛል መሰለህ? ‹እመት፣ መሞቱን አረጋግጠዋል?› በአንድ ደጃዝማች እናት ለቅሶ ላይ እኔን ትተው ከእንጦጦ ሌላ አስመጡ። እኔን!»

«እውነትዎን ነው። ጥፋቱ የኔ ነው።»

«ያንተ ብቻ ቢሆን ባልተቃጠልኩ። እሱስ? በየቅዳሜው እየመጣ፣ ባርኔጣውን አውልቆ፣ እዚህ ከፊቴ ቆሞ ‹አገርሽ ሩቅ ነው ባቡር የሚያደርሰው› ይለኛል። ሙሾዬን! የራሱን ሙሾ ለኔው!» ሊስቁ ምንም አልቀራቸውም፤ ሳቁን ዋጥ አደረጉት። የተስተካከለውን በርበሬ እንደገና በእጃቸው አስተካከሉ። «ሁለት ቅዳሜ ቀረ፤» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው።

«ታሞ ተኝቶ ነበራ።»

«የምትለኝ ግን አንተ ነህ።» ቀና ብለው አዩት። «ስማ አባይነህ። አንተ ስትዋሽ ታምራለህ። እውነት ስትናገርም እንደዚያው ታምራለህ። የቱ የቱ እንደሆነ በምን ልለየው? አንድ ምልክት ስጠኝና ልምጣልህ።»

አባይነህ ተናገረ። ስለ ሳንባው ተናገረ፣ ስለ ሣጥኑ ተናገረ፣ ስለ ምስማሩ ብዛት ሳይቀር ተናገረ። ባወራ ቁጥር ነገሩ ለራሱም ተረት እየመሰለው ሄደ። እመት ሰርክአዲስ በሐዘን ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ይኸው፣ ደግሞ አማርክ፤» አሉት።

ለቅሶው ቤት ሲመለስ አስካለ ንፍሮውን እንዳይኮመጥጥ እንደገና ስታፈላ አገኛት። ፊቱን አይታ ምን እንደገጠመው አልጠየቀችውም።

«አንተ ሰውዬ፣» አለች እያማሰለች፣ «የአራዳን ሰው ለቅሶ ብለህ ስትጠራው እንቢ ካለ ለምን ሲኒማ ብለህ አትጠራውም?»

አባይነህ ለረጅም ጊዜ አያት። ሃያ ዓመት አብረው ኖረው ከሷ ይልቅ እሱ ብልህ ነኝ ብሎ ማመኑ አስገረመው።

በማግስቱ፣ በሣልስቱ ጧት፣ ከጊዮርጊስ ደጅ እስከ ገበያው ጥግ እየዞረ ለፈፈ። «ዛሬ ከቀትር በኋላ ሲኒማ! በነጻ! ማንም እንዳይቀር!» ያሰበው ይህ ነው፤ ቀዩን ሣጥን ይከፍታል፣ ድልድዩ ሲደርስ እንደያኔው አድርጎ ይጮኻል፣ ሰውም እንደያኔው ያለቅሳል። ማታለል መሆኑን ያውቃል። ቢሆንም ብሩኖ «አምጪያቸው» አለ እንጂ እንዴት ብለሽ አላለም።

ለነጻ ሲኒማ የሚቀር የአራዳ ሰው ገና አልተወለደም። ጥላ ሲዞር ቤቱ ግጥም አለ። ባላምባራስ ለምስክርነት ይመቸኛል ብለው ከፊት ተቀመጡ። ዘይኑዲን ከነጎረቤቶቹ መጣ። እመት ሰርክአዲስ ከኋላ፣ ከበሩ አጠገብ፣ «ቶሎ እንድወጣ ነው» ብለው ቆሙ። አባይነህ መስኮቶቹን በጆንያ ደፈነ፣ መብራቱን ለኮሰ፣ ብሩኖ ይቆምበት ከነበረው ቦታ ቆሞ መዘወሪያውን ያዘ። እጀታው ላይ የሰውየው ጣቶች የበሉት ልስልስ ያለ ጎድጓዳ ነበር። የአባይነህ ጣቶች ገጠሙበት።

ጅምሩ መልካም ነበር። «ታላቅየው ‹ድርሻህን ወስደሃል› ይለዋል!» ብሎ ጮኸ። «ታናሽየው ‹የወሰድኩት ጭንጫውን ነው› ይላል!» ባላምባራስ ከፊት ሆነው «ጭንጫ ድርሻ አይባልም!» አሉ። ሰው ሳቀ። ሁሉም ነገር እንደ ጥንቱ ሆነ፤ እጁን ሳያቁም ዘወረ።

ድልድዩ ደረሰ። ብሩኖ ባርኔጣውን ደፍቶ፣ ካፖርቱን ንፋስ እያውለበለበው መጣ። ጤነኛ ነው። ወጣት ነው። ወንድሙ ከኋላው ደረሰ፣ ጩቤው ገባ። ብሩኖ ዞር አለ፣ ወንድሙን አየው፣ አፉን ከፈተ። አባይነህም አፉን ከፈተ።

ድምፅ አልወጣውም። ሆስፒታል የሞተው ብሩኖ ነው ዓይኑ ላይ የመጣበት። ያ ብሩኖ ዞርም አላለ፣ አፉንም አልከፈተ፤ የብርድ ልብሱን ጫፍ እንደ ሕፃን ጨብጦ፣ የአባይነህን እጅ ፈልጎ፣ ዝም አለ። አርባ አንዱን ሞት አሳምሮ ሞቶ የመጨረሻዋን አላወቀበትም። ለዚህ ደግሞ ምን ትርጉም አለው?

«ተርጉም እንጂ!» አለ አንዱ ከመሐል።

«ምን አለው? ሲወድቅ ምን አለው?»

«ያኔ የጮህካትን ጩኻት እንጂ!» ሰው ሳቀ። አንዱ አፏጨ። ቀስ በቀስ ግን ሳቁ አነሰ፤ አንዱ አንዱን በክርኑ ጎሰመ፣ ራሶች ወደ ኋላ ዞሩ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ አባይነህ ዝም ሲል የሰማ ሰው በአራዳ የለም። የመኪናው ጠቅጠቅታ ብቻ ይሰማል።

እመት ሰርክአዲስ ከበሩ ተነሥተው መጡ። ከመኪናው ቀዳዳ የሚያመልጠው ብርሃን የአባይነህ ፊት ላይ ወድቋል። እንባው እስከ አገጩ ወርዷል፤ አፉ ተከፍቷል፤ ቃል የለም። ፊቱን በደንብ አዩት። በሠላሳ ዓመት ሙሾ አውራጅነታቸው ብዙ ፊት አይተዋል።

«ሞቷል፤» አሉ።

ጮኸው አልተናገሩም፤ ቤቱ ግን ሁሉ ሰማ። ባላምባራስ እሸቴ ባርኔጣቸውን አወለቁ። «መሐላው ፈርሷል፤» አሉ ድምፃቸው ተሰብሮ። «እኔው አስምዬ እኔው አፍርሼዋለሁ።» ከዚያ ኩታቸውን ፊታቸው ላይ ጣል አደረጉ። ዘይኑዲን መዳፎቹን ዘርግቶ ጸለየ። አንዲት ሴት ጀመረችው፤ ለቅሶው ከወንበር ወደ ወንበር ሄደ፤ ከአራት ዓመት በፊት ከነበረው ይልቅ ዝቅ ያለ፣ ሳግ የበዛበት ለቅሶ ነበር። አስካለ በደጅ ሆና ሰማችውና የድስቱን ክዳን አነሣች።

እመት ሰርክአዲስ ነጠላቸውን አወለቁና ጥለቱን ወደ ላይ ዘቅዝቀው ለበሱ። «አባይነህ፣» አሉ፣ «ይህ ነገር ወደ ኋላም ይዞራል አይደል?»

አባይነህ አዎ እንደማለት ራሱን ነቀነቀ።

«እስቲ መልሰው።»

መለሰው። ብሩኖ ከድልድዩ ወለል ላይ ብድግ አለ። የከፈተውን አፉን ገጠመ። ጩቤው ከጀርባው ወጣ፣ ወንድሙ የኋሊት እየራቀ ጠፋ፣ ብሩኖ ባርኔጣውን እንደደፋ ወደ መጣበት ወደ ኋላ ይሄድ ጀመር። ሰው ሁሉ እያለቀሰ ያየዋል። አባይነህ ፊቱን በኩታው ሊሸፍን ሲል መዘወሪያው ሊያመልጠው ደረሰ። እመት ሰርክአዲስ በርበሬ ያቀላው እጃቸውን ከእጁ አጠገብ እጀታው ላይ አሳረፉ።

«አምጣ፣ ልያዘው። አንተ አልቅስ።»

«እጅሽን አታቁሚ፤» አለ አባይነህ።

በአራዳ እመት ሰርክአዲስን «አንቺ» የሚላቸው አንድ ሰው ብቻ ነበር። አልተቆጡም። በአንድ እጃቸው እንባቸውን እየጠረጉ በሌላው መዘወራቸውን ቀጠሉ።